ከሠርጉ በላይ የተቀዳው

ካሴቱ ሻግቷል፤ ክረምት ገብቶበታል፣
ጥቁሩ ክር ላይ ነጭ አበባ ወጥቶበታል።
በጥጥና በአልኮል ቀስ ብዬ ስጠርገው፣
የላላውን በጣቴ ጠምዝዤ ሳጠብቀው፣
ልጄ ይስቅብኛል፦ «ለምን ትደክማለህ?
ለላስቲክ ጥርስ ብለህ ዓይንህን ታጠፋለህ?»

አዎ፣ ጥርሱ ላስቲክ፣ ደሙም የቀይ ሥር፣
ፀጉሩ የበግ አጎዛ፣ የተሰፋ በክር።
ጅቡም ሞላልኝ ነው፣ ጎማ የሚለጥፈው፣
ባራት እግር ሲሄድ ጉልበቱ የቆሰለው።
ጀጃው ነው ያነሣው፤ ሠርግ ማንሣት ነው ሥራው፤
መብራቱ የታክሲ፣ የተውሶ ካሜራው፤
ከቀሃ ወንዝ ማዶ አሥራ አንድ ምሽት፣
እራት ሆኗቸው የጠበሱት እሸት።
አዲስ ካሴት መግዣ ሣንቲም ቢያጣ ጊዜ፣
ከመደርደሪያው ሥር ፈልጎ በትካዜ፣
ባለቤት ያልመጣለት አንድ ሠርግ አወጣ፤
በእልልታው ፈንታ የጅብ ጩኸት መጣ።

ቪዲዮ ቤቴ ያኔ ቅዳሜ ገበያ፣ ከወፍጮው አጠገብ፣
ወንበሩ ባሕር ዛፍ፣ ጣራው ቆርቆሮ፣ መጋረጃው ከረጢት።
መግቢያ ሃምሳ ሳንቲም።
«ፈሪ በነፃ» ብዬ በከሰል ጽፌ ነበር፤
አንድም ሰው በነፃ አልገባም።

ሰዉ ሳቀ። የጅቡ ጅራት በሲባጎ ታስሮ ኖሮ
መሐል ሜዳ ላይ ዱብ ሲል፣ ሳቁ ወፍጮውን አስናቀ።
ጀጃው ከጥግ ቆሞ ጥፍሩን ይበላል።
አርባ አንደኛው ደቂቃ ላይ
ምስሉ ተንቀጠቀጠ፤ በረዶ ዘነበ፤
ከበረዶው ውስጥ አንዲት ነጭ የለበሰች ሴት፣
ዓይኗን ሰብራ፣ ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ የላትም፤
ከጨለማው እጅ መጣ። ፊቷን ሸፈነ።
ሦስት ሰከንድ።

የሳቀው ሁሉ አማተበ።
ከፊት የተቀመጠ ጎረምሳ እናቱን ጠራ።
ለስንት ወር ጎንደር ሲመሽ
የቀሃን ድልድይ ብቻውን የተሻገረ የለም።
«ያቺን መንፈስ ከየት አመጣሃት?» ሲሉት ጀጃው፣
«ሙያ በልብ ነው» ይላል።
ለኔ ብቻ፣ አንድ ማታ በጠላ፣
«እኔ አላመጣኋትም» አለኝ፤ «ማጥፋት ነው ያቃተኝ።»

ዘንድሮ በነሐሴ፣ ጃንጥላዋ ተሰብሮ፣
ጭቃ እስከ ቁርጭምጭሚቷ፣
አንጓች የምትባል ሴት በሬን አንኳኳች።
«ካሴት ያክማል አሉኝ። ሠርጌን ጀጃው አንሥቶት፣
ቀሪ ሃያ ብር አጥተን ሳንወስደው ኖርን።
ሰውዬው በዓመቱ ሄደ፤ ሄዶ ቀረ።
ፎቶግራፍ እንኳ የለኝም።»

ምን ልበላት? አስቀመጥኋት። ጅቡን አስጀመርሁ።
አርባ ደቂቃ ታገሠች፤ ጅራቱ ሲወድቅ ሳቀች።
በረዶው ዘነበ። ሴቲቱ መጣች። እጁም መጣ፣
ያ ሁላችን የሞት እጅ ያልነው።
«እሱ ነው» አለች፤ «ዓይነ ርግቤን ሊያስተካክል።
ቀለበቱ ሰፍቶት በክር ጠምጥሞት ነበር።
እየው፣ ክሩ።»

«መልሰው።»
መለስሁት።
«መልሰው።»
እጄ ተንቀጠቀጠ፤ ባሳየኋት ቁጥር ይፋቃል፣
ሲታይ ያልቃል፣
ሳይታይ ይሻግታል።

ልጄ ራራላት። በኮምፒውተር ገልብጦ
ሦስቷን ሰከንድ ብቻ ለይቶ፣
ጅቡን ቆርጦ ሊጥልላት ተነሣ።
«ተወው» አለችው፣ «ይጩህ።
እሱ ባይቀዳብኝ ማን ያስቀምጠኝ ነበር?»

ከሄደች በኋላ ጥጡን ከእጄ ወሰደ።
ጥቂት ዝም ብሎ፣ አጎንብሶ እየጠረገ፣
«ጅራቱ የሚወድቀው» አለኝ፣
«ስንተኛው ደቂቃ ላይ ነው?»