የዱቤው ደብተር ጀርባ

የሱቄ ደብተር፣ ጠርዙ የተበላ፣
ፊቱ በሰው ዕዳ ከላይ እታች ሞላ፤
ዘምዘም ሁለት ሳሙና፣ ይመር ግማሽ ስኳር፣
የአይሱዙው ረዳት ባትሪ፣ «በዚህ ወር»።
ሌሊት እደምራለሁ፣ ጧትም እደምራለሁ፤
ሸዋ በር ሲነቃ እኔ ቀድሜ አኮርፋለሁ።

ጋሽ አበጋዝ ገባ፣ ጉም ትከሻው ላይ አርፎ፣
ሠላሳ ዓመት ኮምቦልቻ በድርና ማግ አልፎ፣
ባዶ ጠርሙስ ይዞ፣ ብብቱ ሥር አቅፎ።
«ዘይት ጻፍ» አለኝና ጻፍኩ፣ እርሳሴን አስጨንቄ፤
«የእርስዎ ብቻ ገጽ ሞላ፤ ሊዘጋ ነው ሱቄ።»
ሳቀና፦ «ሰው ያለበትን ጽፈሃል፣ ደግ አረግህ፤
የትኛው ገጽ ላይ ነው አንተ ራስህ ያለብህ?»

ዘይቱን ይዞ ወጣ፤ ወዲያው ዋጠው ጉሙ።
«ባለ ዕዳ ሲመክር!» አልኩ፣ ሳልጠራ በስሙ።

ግን ማታ፣ የደሴ ብርድ በሩን ሲገፋ፣ እጄ ሳያማክረኝ
ደብተሩን ገለበጠ፤ ጀርባው ንጹሕ ሆኖ አየኝ።
ምን ልጻፍ? ቆየሁና፣ እንደ ግብር ከፋይ በግድ፦
«ዛሬ መብራት አልሄደም።» ይኸው ነው። ልሂድ።

ጎረቤት «አልሐምዱሊላህ»፣ «ተመስገን» ሲል አፉ ለምዶ፣
እኔ የሒሳብ ሰው ነኝ፤ ልየው በመስመር ወርዶ።
በነጋታው፦ «ዘምዘም የአንዱን ሳሙና ከፈለች፤
የእህቴ ልጅ ሐረጎን በሰላም ወጣች።»
ከዚያ፦ «አንድ ልጅ ከረሜላውን ነክሶ ‹እንካ› አለ።»
አንዳንድ ማታ ግን ብፈትሽ፣ ብፈትሽ፣ ምንም የለ፤
«ምንም» ብዬ ጻፍኩ። ጧት ሳየው አፈርኩኝ፤
ከሥሩ ጨመርኩበት፦ «ይህን ያነበበ ዓይን አለኝ።»

አልዋሽም፤ ዕዳው አልተከፈለ፤ ዘይትም ወጣ ሰማይ፤
ልቤም በአንድ ሌሊት አልሆነ ፀሐይ።
ብቻ ሱቄን ስከፍት፣ ጉም ጦሳን ሲሸፍነው፣
ድሮ «ተራራው ጠፋ» ነበር የምለው፤
ዛሬ «ከጀርባው አለ» ብዬ ነው የምጠብቀው።

ጋሽ አበጋዝ ትናንት መጣ፤ በፊቱ ጻፍኩ ዘይት፤
ሲወጣ ገልብጬ ስሙን በጀርባው ጻፍኩለት።
አሁን የፊቱና ያ የተዘቀዘቀው ጽሕፈት
አንድ ቅጠል ቀርቷቸው ተያዩ ፊት ለፊት።

ነገ አዲስ ደብተር ልወስድ ነው፣ ከራሴ መደርደሪያ፤
በዱቤ።
ይህም ይጻፍ፣ ከጀርባው፣ መጀመሪያ።