ይለፍ

በብሉምፎንቴን ከተማ፣ በመዝገብ ቤት ጓዳ፣
አንድ ቅጠል አለ፣ ጠርዙን ምስጥ የጎዳ፤
ስምንት መስመር ብቻ፣ የጸሐፊ ችኮላ፦
"ስም፦ ዲኬሌዲ። ሥራ፦ ልብስ አጣቢ። ሌላ፦
ይለፍ አልያዘችም። ሲፈረድባት ሳቀች።"
የእናቴ አክስት ናት። እኔን በሳቅ ተዋወቀች።

ሐምሌ ነው። በደቡብ አፍሪካ ሐምሌ ዝናብ የለው፣
ጣትን የሚበጣ ደረቅ ቁር ነው ያለው።
የዲኬሌዲ እጅ ከውሃ ጋር ይነጋል፣
የወይዘሮ ስኩማንን አንሶላ ይፈትጋል፤
የዳኛው ኮሌታ፣ የፖሊስ ካኒቴራ፣
የከተማው እድፍ በእሷ ሳሙና ጠራ።
ማን ከማን እንዳደረ፣ ማን ደም እንደተፋ፣
ታውቃለች፤ የጨርቅ ሐሜት በውሃ አይጠፋ።

ከሽርጧ ኪስ ግን ከቶ የማይወጣ፣
በየወሩ ሽልንግ የሚበላ ጣጣ፦
ይለፍ።
ለመንገድ ይለፍ፣ ለሥራ ይለፍ፣ ለማደር ይለፍ፣
ታማ እንኳ ከሐኪም ደጅ ለመሰለፍ።
ቃሉ ራሱ የወንድ ነው፤ "ትለፍ" ያለ ማን አለ?
ሴትነቷን ያወቀ ፖሊሱ ነው፣
ሲፈትሽ ጡቷ ላይ እጁን የጣለ።

ሰኞ ዕለት ሽርጡ ከነኪሱ ታጠበ።
ረስታ ይሆን አውቃ፣ መዝገቡ አልዘገበ፤
ማኅተሙ አበጠ፣ ቀለሙ ተንሳፈፈ፣
የንጉሡ ዘውድ ከአረፋ ጋር ከነፈ።

"ይለፍሽ የታለ?" አላት ፖሊስ፣ ማክሰኞ።
"አለፈ።"
"መቼ አለፈ?"
"ትናንትና፣ ሰኞ።"

ወሬውን ሳቅ ቀደመው። ንትሶዋኪ ስትሰማ፣
"የእኔም ቆሽሿል" አለች ከገንዳው ዳር ቆማ።
አስተማሪቷ ሊዲያ ጓንቷን ሳታወልቅ፣
ነከረችው፣ እጇ እየራደ፣ ሳትስቅ።
አራሷም መጣች፣ ባሏን ማዕድን የበላው፤
የፈራችም መጣች፤ ፍርሃት ነው ሰልፉን የሞላው።
ጀግኖች አልላቸውም። ድስት እሳት ላይ ትተው፣
ጡት ቀሚስ እያራሰ፣ ልጅ ለጎረቤት ሰጥተው፣
ወጡ።

"ሁለት ወር" አለ ዳኛው፣ ኮሌታው እንደ ወተት፤
ያጠበችው እጅ ነበር ካቴና የገባበት።
ያኔ ነው የሳቀችው።

ከተማው በሁለት ወር ሸተተ። አንሶላ ተከመረ፤
ለወይዘሮ ስኩማን የሳሙናው መጠን ምስጢር ነበረ።

ከዓመታት በኋላ "ሴቶች ድምፅ አገኙ" ተባለ፤
ጋዜጣው "ነጭ" የምትል አንዲት ቅጽል ዘለለ።
ወይዘሮ ለምርጫው ሐር ቀሚስ ለበሰች፣
ዲኬሌዲ የተኮሰችውን፣ እጥፉን በጥፍሯ ያስተካከለችውን።
"እንኳን ደስ አለዎት" ብላ
በጓሮ በር ተመለሰች።
እናቴ ስትነግረኝ እዚህ ላይ ዝም ትላለች።
"ተናደደች?" እላለሁ።
"ቅርጫቱን ተሸከመች።"

ዲኬሌዲ በሱቶ ቋንቋ "እንባ" ማለት ነው።
ሲወልዷት ማን እንደሞተ የሚያስታውስ የለም፤
መዝገቡ ላይ ግን ያለው ሳቋ ነው።
የጸሐፊው እጅ እዚያች ቃል ላይ ጠብቋል፣
ቀለሙ ወፍሯል፣ ብዕሩ ወረቀቱን ወግቷል።
ተቆጥቶ ይሆናል። ወይም እሱም ሳቁ መጥቶበት
ይሆናል፣ ዳኛው ፊት የዋጠው፣ ጉሮሮው ላይ የቀረበት።

ማታ መዝገብ ቤት ሲዘጋ፣ ጠባቂው በር ላይ ቆሞ፣
"የእንግዳ ይለፍሽን፣ እኅቴ" አለኝ፣ ቀድሞ
ይቅርታ ጠይቆ። ኪሴን ዳበስኩ፣ ወዲያ ወዲህ።
የለም። ሳቄ መጣ፣ ግድግዳ አስደግፎኝ፣ እንዲህ።
ልጁ ግራ ገባው። ምክንያቱን ሊጠይቅ ፈለገ፤
ከኋላዬ ሰልፉ ረዝሟል፤ እጁን ወደ በሩ አደረገ።
"ግድ የለም" አለኝ።
"እለፊ።"