የይታይሽ ደም

ጽፋት ላይ በረዶው ሦስት ቀን ጣለና፣
መብራቱ ከሰፈር ከሰፈር ጠፋና፣
ከሌሊቱ ዘጠኝ፣ ከሆስፒታሉ ሥር፣
እኔና መሣሪያው የደም አየር ስንቆጥር፣
አንዲት መርፌ መጣች በረዶ ታቅፋ፤
ውስጧ ግን ደም አለ፣ ሙቀቱ ሳይጠፋ።

ወረቀቷ ይላል፦ ይታይሽ። ሃያ ስምንት።
ነፍሰ ጡር፣ ስድስት ወር። ራስ ምታት። እንቅልፍ ያለሰዓት።
ከታች በዕብራይስጥ፣ የተረኛው ሐኪም እጅ፦
«ጣቷ ላይ ዘጠና ዘጠኝ። ደህና ናት፤ ጉንፋን ነው እንጅ።»

ደህና?
ጣት የሚቆነጥጠው ያ ትንሽ መብራት
ቀይ ደም ካየ በቃው፣ አይሻም ሌላ እውነት።
አሳምሮ አቅልቶ የሚገድል እንዳለ፣
ኦክስጅንን ከወንበሩ ገፍቶ የጣለ፣
ልብሱን ተውሶ፣ በቦታው የተቀመጠ፣
ማን ይንገረው? ሽታ የለው፣ ድምፅ የለው። ሌባ እንኳ በር ይነካል ከመጠ።

መሣሪያው አቃሰተ። ጠብታዋን ጠጣ። አሰበ።
ካርቦን ዳይኦክሳይድ፦ ሠላሳ።
እሰይ አልሁ።
ለሌላው ሰው አርባ ነው ልኩ፤
እርጉዝ ግን ዝቅ ታደርገዋለች፣
ገና አየር ላልቀመሰው፣ በአፏ ትተነፍስለታለች።
የሱ ወደሷ እንዲፈስ የሷን ትቀንሳለች፤
ውኃ መንገዱ ቁልቁል ነው፣
እናት ቁልቁለት ትሆናለች።
ደረጃ ላይ ስታለከልክ ደከማት የምትሉ፣
ቤት እየጠረገች ነው፤ አሳልፏት፣ ገለል በሉ።

ቀጥሎ ሁለተኛው። ካርቦን ሞኖክሳይድ፦
ሃያ ሦስት። በመቶ።
ደግሜ ሠራሁት። ሃያ ሦስት።
እጄ ወደ ስልኩ ሮጠ፣ ብርዱን ረስቶ።

«ቤት ውስጥ ምን አንድደው ነበር?»
ባሏ ደስታው፣ የአውቶቡስ ሹፌር፣ ጫማው በረዶ የጠጣ፣
«ማንጋሏን ከሰገነት አስገባኋት፣ መብራት ስናጣ።
ጭስ አልነበራትም፤ ፍሟ ጠርቶ ነበር» አለ፣
ለራሱ መስካሪ መስሎት፣ እየማለ።

ጠርቶ ነበር!
ጭስስ ደግ ነው፤ ያስለቅሳል፣ ያባርራል ከቤት፤
የጠራ ፍም ነው ክፉው፣ እሹሩሩ የሚልበት።

«ጡር ነው» አለች አማቷ፣ «ማንን በድለን ይሆን?»
ጡርስ አይደለም እማማ። ከሰል ነው።

በጭምብል አየር አጠጧት። በአምስተኛው ሰዓት
ቁጥሯ ሦስት ገባ። ደስታው ካፖርቷን አነሣላት።
ደረጃውን ወርጄ፣ በአማርኛ፣ «ገና ነው» አልሁት፤
«እሷን ለቀቃት። የልጁ ደም ግን
የያዘውን አይለቅም ቶሎ፤
ከእናቱ ዘግይቶ ይሞላል፣ ከእናቱ ዘግይቶ ይጎድላል።
ለሱ የሚሆን መርፌ የለኝም። ስንት እንደሆነ አላውቅም።
ስለዚህ ለሱ ትተንፍስ።»

ሐይፋ አንድ ክፍል አለ፣ ግፊቱ እንደ ባሕር ወለል፣
መንገዱ ግን በበረዶ ታፍኗል።
ይታይሽ በጭምብሉ ውስጥ፣ ፕላስቲኩ በትንፋሿ ጉም ለብሶ፣
«ስሜ ይታይሽ፤ ምን ታየኝ?» አለች።
ሳቀች መሰለኝ።
ያን ቀን፣ የዚያንም ሌሊት፣
ለማይለካው ስትተነፍስ አደረች።

ግንቦት ሲገባ፣ የነጻነት በዓል ዕለት፣
መናፈሻው ሁሉ ማንጋል፣ ከተማው ሥጋ ሲሸት፣
መርፌ መጣች። የእትብት ደም።
«የይታይሽ ልጅ። ወንድ።» ስም ገና አልወጣለትም።
ካርቦን ዳይኦክሳይድ፣ ሃምሳ ሁለት፦
በእናቱ አፍ ሳይወጣ የቀረው የመጨረሻ ትንፋሽ፤
የቀረውን እሱ ራሱ፣ ላይ ፎቅ፣ እየጮኸ ያወጣዋል።
ካርቦን ሞኖክሳይድ፣ አንድ። እንደ ማንም ሰው።

ጻፍሁ። ፈረምሁ። እጄን ታጠብሁ።
መስኮቱ ጋ ሄድሁ። ጭስ ከየዛፉ ሥር ይነሣል።
ይታያል። ያስለቅሳል።
ከፈትሁት።