ትርፍ

ፒያሳ፣ ከፎቶ ቤቱ ጓዳ፣ በሠርግ ነው የጀመርኩት፤
የሙሽሪትን እንባ አቆይቼ፣ የአማቷን ግልምጫ ቆረጥኩት።
ቶሳ ጉሙን ሲለቅብን፣ መብራት ሄዶ ሲመለስ፣
አንድ ጭፈራ ስለቃቅም አድራለሁ፣ ማጫወቻው እስኪግል ድረስ።

ኋላ ዘጋቢ ፊልም መጣ። ይኸው አሥራ ሰባት ዓመት
የሰው ወሬ ቀድጄ እሰፋለሁ፣ ቁጭ ብዬ ሙሉ ሌሊት።
ስፌቱ ከታየ፣ ሥራዬ ከሸፈ፤
ካልታየ ደግሞ፣ የሰፊዋን ስም ማን ጻፈ?

አቶ ይማም ሙሄ፣ የጨርቃ ጨርቁ ጡረተኛ መካኒክ፣
አራት ወር ከፊቴ ተቀምጠው አወሩኝ፤
እኔ እሳቸውን ለመድኩ፣ እሳቸው ግን አያውቁኝ።
ቀኝ ዓይናቸው እንደሚቀድም ሲጨፍኑ፣
ምራቅ እንደሚውጡ "እንግዲህ" ሊሉ ሲሆኑ፣
ስለ ማሽን ሲያወሩ ጣታቸው ብቻውን እንደሚሸምን፣
ከቤተሰባቸው በላይ አውቃለሁ ብል ማን ሊያምን።

ስለ ልጃቸው ተጠየቁ።
ዝም አሉ።
አሥራ አንድ ሰከንድ፤ በየሰከንዱ ሃያ አምስት ምስል።
ከውጭ የቦርከና ድምፅ፣ ባጃጅ፣ ጫማቸው ላይ ዝንብ፤
ከዚያ፣ "ሙህዲን ነበር ስሙ።"

"ይጎትታል" አለ ፕሮዲዩሰሩ፣ "ሰው ይሰለቻል፣ ቁረጪው።"
ሁለቱን ሰከንድ ተውኩ። ዘጠኙን አወጣሁ።
መጣል አይሆንልኝም፤ "ትርፍ" የምትባል ማህደር አለችኝ፣
እዚያ ከተትኳቸው፣ ከጥንቷ አማት ግልምጫ ጎን።

ባለፈው ሐሙስ፣ ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ፣ ሚኒባሱ ጢም ብሏል፤
ረዳቱ "ተጠጉ እንጂ፣ አንድ ትርፍ አለኝ!" ይላል።
በርጩማ ዘረጋ መተላለፊያው ላይ፣ ከጉልበቴ አጠገብ።
ይማም ሙሄ ተቀመጡ።
ሰላም ልበል? መቼ ተያየንና?

ሐረጎን ስንወጣ መስኮቱ ነጣ።
"አባባ፣ የት ነው ወራጅ?"
ምራቃቸውን ዋጡ። ቀኝ ዓይናቸው ቀደመ።
ሳላስበው በሆዴ መቁጠር ጀመርኩ፤
ስድስት ላይ ረዳቱ ሳንቲሙን አንቀጫቀጨ፣ "አባባ!"
ክንዱን ያዝኩት፣
"ቆይ፣ ይጨርሱ።"
"ምኑን ነው የሚጨርሱት? መች ጀመሩና!"
ዘጠኝ። አሥር።
"እንግዲህ" አሉ፣ "ሆጤ።"

ሂሳባቸውን ከፈልኩ። ዞር ብለው አዩኝ፤
"የማን ልጅ ነሽ?"
አፌ ተያዘ።
እሳቸው አልቆጠሩም፤
ጉሙ ተገፎ ደሴ እስክትታይ ድረስ
ጠበቁኝ።