በኛ ማን ይባላል?

ኤላት፣ ከባሕሩ ሥር፣ መስተዋት ፊት ነው ሥራዬ፤
ጨርቅ በቀኝ እጄ፣ በግራዬ ባልዲዬ።
የጎብኚ ጣት የነካውን፣ ሕፃን በአፍንጫው ያተመውን
ከመዝጊያ በፊት እጠርጋለሁ፣ ቀኑ ትቶት የሄደውን።

አንድ ዓሣ አለ፤ ቀይና ነጭ፣ ሰንበር በሰንበር፤
ክንፉ እንደ ቄስ ጥላ፣ ጀርባው የእሾህ አጥር።
አይቸኩልም።
ትልቅ ዓሣ ሲመጣበት መንገዱን አይለቅም።
መርዙን ያውቃል መሰለኝ፤ ክንፉን ዘርግቶ ይንሳፈፋል፣
ፍርድ ሰጥቶ እንደ ወጣ ዳኛ፣ ግራ ቀኝ ሳያይ ያልፋል።

በዕብራይስጥ ዛህሮን ነው ስሙ፤
«ዞሃር» ከሚለው የመጣ፣ ጸዳል ማለት ነው ትርጉሙ።
ማዶ፣ አቃባ፣ አጥማጆቹ የባሕር ዶሮ ይሉታል፤
ፈረንጅ አንበሳ ይለዋል፣ ጎፈር ያለው መስሎታል።
ጠላቂው ኤልራን፣ አንድ ጊዜ መዳፉን ስለወጋው፣
በስድብ እንጂ በስም ጠርቶት አያውቅም፤
ስድቡን እዚህ አልጽፈውም።
ቲኬት ቆራጯ ኦርና የቀድሞ ባሏን ዛህሮን ትለዋለች፤
«ከሩቅ ሲያዩትማ...» ትልና ሳንቲሟን ትቆጥራለች።

ማክሰኞ አውቶቡስ መጣ፣ ከቂርያት ጋት፣ የጡረተኞች ማኅበር፤
ሻሽና ኮፍያ ተቀላቅሎ፣ አርባ ያህል ሰው ነበር።
አስጎብኚው ያወራል፤ እነሱ ዓሣውን ያያሉ፤
ወደኔ ዞረው «የኛ ልጅ፣ ስሙ ማነው?» ይላሉ።
«ዛህሮን» አልኩ።
«እሱማ የነሱ ነው። በኛ ማን ይባላል?»

በኛ የለውም። ጣና እንዲህ ያለ ጌጠኛ አላበቀለም፣
አባቶቻችን ያላዩትን አልሰየሙም።

ክርክር ተነሣ።
«ጃርት!» አሉ አቶ ፈረደ በምርኩዛቸው እየጠቆሙ፤
«ጃርትማ የዱባ ሌባ ነው» ብለው ሌላው ተቃወሙ።
«ባለካባ ይባል» አለ አንዱ፤
«ሙሽራ» አለች አንዷ። «ሙሽራ እሾህ አላት?»
«ባሌን ጠይቁት» ብትል ሁሉም ሳቁላት።
ቄስ አድማሱ ብቻ፣ «ቅርፊት አለው ወይ?»
አላውቅም አልኳቸው። ስሙ ከዚያ በኋላ አላሳሰባቸውም፣
ወንበር ፈልገው ተቀመጡ።

ከኋላ የነበሩ አንዲት ሴት፣ እማማ አንጓች፣
ዓይናቸውን ሞራ የጋረደው፣ ወደ መስተዋቱ ቀረቡ።
ጣታቸውን አሳረፉ። ዓሣው መጣና ፊታቸው ቆመ፤
መስተዋቱን ኳ ኳ አደረጉት፤ እሱ ግን ንቅንቅ አላለም።
«ውይ» አሉ፣ «አይሸሽም።
በሉ ስሙ ይኸው። አይሸሽም።»
«እሰይ!» አለ አርባው ሰው፤ ክርክሩ በዚያው ተዘጋ።

ደረቴ ላይ የተሰካው ካርድ «ዞሃር» ይላል።
የዐሥር ዓመት ልጅ ሆኜ፣ መቀበያው ውስጥ፣ ጸሐፊዋ
እናቴ የነገረቻትን ስም ሁለቴ ሞክራ አቃታት፤
«ይኼ ይቀለዋል» ብላ ሌላ ጻፈች።
ደግ ሴት ነበረች። ካራሜላ ሰጠችኝ።
ከዚያ ወዲህ «ዞሃር» ሲሉኝ ዞር እላለሁ፤
ወታደርም በሱ ሆንኩ፣ ሚስትም በሱ አገባሁ፣
የባንክ ዕዳዬንም በሱ እከፍላለሁ።

ሊወጡ ሲሰለፉ እማማ አንጓች ክንዴን ያዙ፤
«አንተስ የኔ ልጅ፣ ማን ልበልህ?»
ካርዱን አያነቡም፤ ዓይናቸውም ፊደሉም አይፈቅድም።
እኔ፣ ከወገራ እስከ ገዳሪፍ በሌሊት የሮጥኩ፣
ውሻ በጮኸ ቁጥር ገደል የገባሁ፣
ኬላ በጠየቀኝ ቁጥር የሌላ ሰው ልጅ የሆንኩ፣

«ስሜ አይሸሽም» አልኳቸው።

ሳቁ። ክንዴን መታ መታ አደረጉኝ።
«እሱንማ እኔ ነኝ ያወጣሁት፤
ያንተን ነው የጠየቅሁህ።»

አውቶቡሱ ጥሩምባውን ነፋ።
ባልዲዬን አነሣሁ።