የማንም እራት

«የእሳት እራት» ብሎ፣ ስም ያወጣላቸው
ኩራዝ አብርቶ ነው፣ በሌሊት ያያቸው።
ይህቺን ግን አላየም፦
ፉጃይራ፣ በቀትር፣ ከጓሮ ግንብ ስር
ሰው ሁሉ ተዘግቶ፣ ብቻዋን ስትበር።
(ስም እንዲሁ ነው። እኔም በፓስፖርቴ ዘሃራ ነኝ፤
ትርንጎ ብላ ነበር፣ እናቴ የጠራችኝ።)

ክንፏ ስስ ነው፣ ነጭ፤ ቀይና ጥቁር ጠብታ የሞላበት፣
ብዕር የሚሞክር ልጅ እንዳንጠባጠበበት።
ከአውራ ጣቴ ጥፍር ብዙም አትበልጥ።
ትነሳለች፣ ትንቀጠቀጣለች፣ ጥቂት ርቃ ታርፋለች፤
ስታርፍ ክንፏን ጠቅልላ፣ ስንጥር ታክላለች።

ዝናብ ከጠፋ ስንት ወሩ! የኤሲው ቱቦ ግን
ጠብ፣ ጠብ ሲል ውሎ ያድራል፣ በግንቡ ጎን።
ከዚያች እርጥብ አፈር አንድ አረም በቀለ፣
ነጭ አበባውን እንደ ጊንጥ ጅራት የጠቀለለ።
«ረምራም» ትለዋለች፣ ኡሙ ኸልፋን፣ ስሙን፤
ግመል ሲርበው እንጂ፣ አይነካም ቅጠሉን።

አባጨጓሬዋ ግን ሌላ ማዕድ አታውቅ፤
ከእንቁላል ከወጣች፣ ያንኑ ስትፍቅ፣ ስትፍቅ፣
መርዙን አትተፋም፤ ታስቀምጠዋለች።
ደረቅ ቅጠል ለብሳ፣ ሐር ፈትላ ትተኛለች፤
ስትነቃ ክንፍ አላት።
መርዙም አብሯት አለ።

ወንዱም ጥሎሽ ያመጣል፤ ድሪ አይደል፣ አልቦ አይደለም፤
ከልጅነቱ ያስቀመጠው መርዝ ነው፤ ሌላ የለውም።
ከራሷ ጨምራበት፣ ለእንቁላሎቿ ታድላለች፤
ጉንዳን ቀምሶ እንዲተፋቸው፣ ከቅጠል ስር ትደረድራለች።

ትናንት፣ ከልብስ ማስጫው ሽቦ ጥግ፣ ሸረሪት ድር ያዛት።
እርጥብ አንሶላ ታቅፌ፣ «በቃ» አልኩ፣ «አለቀላት።»
ሸረሪቷ ሮጣ ደረሰች፤ በእግሯ ነካ አደረገቻት።
ቆመች።
አሰበች ልበል? አላውቅም።
ብቻ ክሩን አንድ ባንድ ቆርጣ፣ ቆርጣ፣ ለቀቀቻት።
እንደ ጉድፍ ወደቀች፤ ከመሬት ሳትደርስ ግን በረረች፣
ድሩ አሁንም ከክንፏ ጫፍ ተንጠልጥሎ።
ሸረሪቷም ቀዳዳዋን ልትጠግን ተመለሰች።
አንሶላው ክንዴ ላይ ሊደርቅ ነበር።

ነገ ማክሰኞ ነው። ሻፊቅ ይመጣል፣ በመኮትኮቻው፤
ማዳም «ጓሮው ይጥራ» ብላለች፤ አይቀርም፣ ሊነቅለው።
አሮጌውን ባልዲ ደፋሁበት፣ በአረሙ ላይ፣ እንዳያየው።
ውሃው አሁን ባልዲው ላይ ይንኳኳል፣
ጠብ፣
ጠብ፣
ቤቱ ሁሉ የሚሰማው ይመስለኛል።