«መሺማ» ማለት

ሻርጃ። ነሐሴ። ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት።
ባልዲዬን እየገፋሁ ስወጣ ከሊፍት
ሱዳኑ ሐኪም ጠራኝ፦ «ሐበሻ ነሽ? ነይ እዚህ፤
ይቺን ልጅ አናግሪልኝ፤ ዐረብኛዋ አይበቃም ለዚህ።»

የሉባባ ዐረብኛ የኩሽና ነው፦ «እጠቢ፣ ክተፊ፣ አምጪ»፤
የኔም እምብዛም አይሻል፦ «የጥየቃ ሰዓት አልቋል፣ ውጪ»።

ሰባት ወር ከምናምኗ ነው። አንሶላው ቀልቷል።
ሳያማት፣ ሳይቆርጣት፣ ዝም ብሎ ይፈሳል።
«ሕመም የለኝም እኮ» አለች፤ «ሕመም ከሌለ ምንድን ነው?»
የሚያስፈራው እሱ ነው፤ ሳያንኳኳ የሚመጣው።

ሐኪሙ ስክሪኑን አዞረ፤ ጥቁርና ግራጫ ደመና።
«መሺማ» አለ፣ «መሺማ ታች ናት፤ በሩን ዘግታለች» አለና
በብዕሩ ጫፍ አሳየኝ። አፌን ከፍቼ ቀረሁ፤
ዘጠኝ ዓመት ዐረብ አገር፣ ያገሬን ቃል አጣሁ።

ከዚያ መጣ፣ ካዋላጇ አክስቴ አፍ፦

የእንግዴ ልጅ።

እንዲህ ነው የምንላት እኛ። ለልጁ አልጋ፣ ለልጁ ጋሻ፣
አብራው የምትመጣ፣ ስም የማይወጣላት፣
ማንም «እንኳን ደህና መጣሽ» የማይላት።

«ሉባባ፣ ስሚኝ» አልኩ፤ «የእንግዴ ልጅሽ ቀድማለች፤
ልጁ ከሚወጣበት በር ላይ ምንጣፏን አንጥፋ ተቀምጣለች።
ምጥ ከመጣ፣ እሷ ከተነካች፣ ጎርፍ ነው።
ስለዚህ ምጥ አይታሰብም፤ መንገዱ በሆድሽ ነው።»

ራሷን ነቀነቀች። ይህ ገባት።
ከሚሴ ላይ የበኩሯን ስትወልድ ሆዷን ሰፍተዋት ነበረ።
ሐኪሙ ግን አልጨረሰም። እዚያው ጠባሳው ላይ ጣቱን አኖረ።
«ሥር ሰዳለች» አልኳት፤ «እንደ ዛፍ፣ ድሮ በተሰፋው ቦታ፤
ደምሽ ያልቃል ቢጎትቷት። ስለዚህ ማንም አይጎትታትም፣
ከነማደሪያዋ ነው የምትወጣው።»
                              «ከነማደሪያዋ?»
«ከነማሕፀንሽ።»

ኤሲው ብቻ ተነፈሰ።

እንግዳ ሲመጣ ወርቅ፣ ሲከርም ብረት ይላሉ።
የኛ ሥር ወረቀት ነው፤ በየሁለት ዓመቱ ማኅተም ያድሱለታል፣
ሲፈልጉ ይነቅሉታል።
ይቺ እንግዳ ግን ማንን አስፈቅዳ?

ሸምሱ፣ ባሏ፣ ከፉጀይራ መንገድ፣ ከሲሚንቶ መኪናው ውስጥ ደወለ፤
«እሷ ትትረፍ» አለ። ደግሞ ቆየና፣ «እሷ ትትረፍ» አለ።
ፈረመች። በዐረቡ ጽሑፍ ግርጌ፣ በአማርኛ፣
ፊደሉን አንድ ባንድ፣ እንደ ተማሪ።

ሦስት ሳምንት አስተኟት። ለልጁ ሳንባ ሁለት መርፌ።
«አትነሺ። አትሸከሚ። ጠብ ካለ ቶሎ ተጣሪ።»
ስምንት ከረጢት ደም ተባለ። የኬረላዋ ነርስ ወንድሟን አመጣች፤
ሁለት የፔሻዋር ባለታክሲዎች ከሸምሱ ጋር መጡ፤
አንዱ ከረጢት የኔ ነው።
የትኛው ክንዷ ውስጥ እንደገባ አላውቅም።

የቀዶ ጥገናው ቀን አንዱን ቦታ አራቴ ወለወልኩ።
መጀመሪያ እንደ ድመት ግልገል የሚል ድምፅ። ከዚያ ብዙ ሰዓት ምንም።
ከዚያ ሐኪሙ ወጣ፤ ጫማው ላይ ደም፣ ፊቱ ላይ ሳቅ የመሰለ ድካም።

ቢጫውን ከረጢት የማወርደው እኔ ነኝ።
ማቃጠያው ምድር ቤት ነው።
ባገራችን ጓሮ ትቀበራለች፤ አገርህ ወዴት ነው ያሉት ሰው
«እትብቴ የተቀበረበት» ይላል።
ይሄ ልጅ ነገ ምን ይላል?
ሊፍቱ ሲዘጋ፣ ብቻችንን ስንሆን፣
«እንኳን ደህና መጣሽ» አልኳት፤ ለሷም፣ ለማደሪያዋም።
ሌላ ምን ይባላል?

ማታ ሉባባ ነቃች። ከንፈሯ ደርቋል። ስለ ማሕፀኗ አልጠየቀችም፣
«ስንት ኪሎ ነው?» አለች።
ነርሷ በጣቶቿ አሳየቻት፦ ሁለት። ከዚያ ትንሽ፣ ከመቶ።
ይህን መተርጎም አላስፈለገኝም።